ጋርዴል ሲዘፍን ለማየት፦ የመጀመሪያዎቹን የታንጎ ፊልሞች የመፈተሻና የማያ መመሪያ

ታንጎ ሲባል ለብዙዎቻችን ቀድሞ የሚመጣው ዳንሱ ነው። የድሮ ሸክላ የሚሰበስብ ሰው ደግሞ የካይፋ ሪከርድሱን አሳታሚ አሊ ታንጎን ያስታውሳል። ይህ ጽሑፍ ግን ስለ ዘፋኞቹ ነው። በ1930ዎቹ መጀመሪያ ካሜራና ማይክሮፎን አንድ ላይ ስለተደቀነባቸው የአርጀንቲናዋ የቦነስ አይረስ ዘፋኞች። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

መጀመሪያ ለምን ይህን እንደጻፍኩ ልንገራችሁ። ከጥቂት ዓመታት በፊት፣ እሑድ ከሰዓት ቤት ቡና ተፈልቶ፣ ከኢንተርኔት ያወረድኩትን የዝነኛውን የታንጎ ዘፋኝ የካርሎስ ጋርዴልን ቪዲዮ በቴሌቪዥን ከፈትኩ። ለእንግዶች ላሳይ ጓጉቼ ነበር። ከእንግዶቹ አንዱ በወጣትነታቸው ጊታር ይጫወቱ የነበሩ ጎረቤታችን ናቸው። ሲኒያቸውን አስቀመጡ። ትንሽ አዳመጡና «ልጄ፣ ይሄን ሰውዬ ምን አስቸኮለው? ጊታሩም ቅኝቱን ለቋል» አሉኝ። «ጋሼ፣ የድሮ ፊልም ስለሆነ ነው» ብዬ አለፍኩት።

ማታ ግን እንቅልፍ ነሳኝ። ሌላ ቅጂ ፈልጌ ሁለቱን በየተራ ሰማሁ። እሳቸው ልክ ነበሩ። የእኔ ቅጂ ይሮጣል፤ ድምፁም ቀጥኗል። ለወራት ስወደው የቆየሁት ድምፅ የጋርዴል ትክክለኛ ድምፅ አልነበረም ማለት ነው። ከዚያ ወዲህ የድሮ የዘፈን ፊልም ሳይ መጀመሪያ ቅጂውን እፈትሻለሁ፤ ከዚያ በኋላ ነው የምደሰተው። ሸክላ ድምፁን ብቻ ነው የሚሰጠን። ዘፋኙ ትንፋሹን የት እንደሳበ፣ በየትኛው ቃል ላይ ዓይኑን እንደከደነ የሚያሳየን ፊልሙ ነው። ከንፈርና ድምፅ ከተለያዩ ግን ይህ ሁሉ ይጠፋል።

የሚያስፈልጋችሁ ብዙ አይደለም። ላፕቶፕ ወይም ስልክ፣ ባለ ገመድ ኢርፎን፣ ቪኤልሲ የሚባለው ነፃ ማጫወቻ፣ ካገኛችሁ ደግሞ የጊታር መቃኛ አፕ። ጊዜ ከአንድ ሰዓት አይበልጥም።

1. ምን እንደምትፈልጉ ቀድማችሁ እወቁ

እኔ የምመክረው ከጋርዴል አጫጭር ፊልሞች እንድትጀምሩ ነው። በ1930፣ በኦክቶበርና በኖቬምበር፣ ፌዴሪኮ ቫሌ የሚባል ጣሊያን ተወላጅ ፕሮዲዩሰር ቦነስ አይረስ ባለው ስቱዲዮው አስቀረፃቸው። ዳይሬክተሩ ኤድዋርዶ ሞሬራ ነው። ለእይታ የበቁት 10 ናቸው፤ እያንዳንዱ አንድ ዘፈን ነው። በሜይ 1931 እዚያው ከተማ በአስትራል ሲኒማ ታዩ።

ድምፅ ያለው ፊልም ቦነስ አይረስ ከገባ ገና ዓመት ከምናምኑ ነበር። መጀመሪያ የታየው በ1929 ግራንድ ስፕሌንዲድ በሚባለው ቲያትር ውስጥ ነው። ቲያትሩ ዛሬ መጻሕፍት መሸጫ ሆኗል። ሎዡ ሳይነካ፣ ጣሪያው ላይ ያለው ሥዕል ሳይጠፋ በየፎቅ መደርደሪያ የተሞላውን ያንን ቆንጆ የመጻሕፍት መደብር በፎቶ አይታችሁት ይሆናል። እሱ ነው።

የ10ሩን ስም ያዙ፦ ቢዬሆ ስሞኪንግ፣ አኞራንሳስ፣ ካንቼሮ፣ ኤንፉንዳ ላ ማንዶሊና፣ ማኖ አ ማኖ፣ ፓድሪኖ ፔላኦ፣ ሮሳስ ዴ ኦቶኞ፣ ቴንጎ ሚዬዶ፣ ዪራ ዪራ፣ ኤል ካሬቴሮ። ሁሉም ታንጎ አይደሉም። ሮሳስ ዴ ኦቶኞ ቫልስ (ዋልትዝ) ነው፤ ኤል ካሬቴሮ የገጠር ዘፈን ነው። በአንዳንዶቹ መግቢያ ላይ የዘፈኑ ደራሲ ራሱ ወይም ሌላ ሙዚቀኛ ከጋርዴል ጋር ቆሞ ያወራል። በዪራ ዪራ ኤንሪኬ ሳንቶስ ዲሴፖሎ፣ በማኖ አ ማኖ ገጣሚው ሴሌዶኒዮ ፍሎሬስ፣ በሮሳስ ዴ ኦቶኞ የኦርኬስትራ መሪው ፍራንሲስኮ ካናሮ፣ በኤል ካሬቴሮ አርቱሮ ዴ ናቫ። ይህ በኋላ ቪዲዮውን ለመለየት በጣም ይጠቅማችኋል።

2. ፍለጋው

በአማርኛ «ካርሎስ ጋርዴል» ብላችሁ ብትፈልጉ ጥቂት ነው የምታገኙት። የስፓኒሽ ፊደል መጻፍ ካስቸገራችሁ ስለ ጋርዴል የተጻፈውን የስፓኒሽ ዊኪፔዲያ ገጽ ክፈቱ። የፊልሞቹ ዝርዝር ወደ ታች አለ። የዘፈኑን ስም ኮፒ አድርጉ፣ አጠገቡ 1930 ጨምሩና ዩቲዩብ ላይ ለጥፉ።

የመጀመሪያውን ውጤት ከፍታችሁ አትቀመጡ። ለአንድ ዘፈን ቢያንስ ሦስት ቅጂ አስቀምጡ። ብዙ የታየው ቅጂ ጥሩው ቅጂ ነው ማለት አይደለም። በእኔ ልምድ ብዙውን ጊዜ ጥሩው ጥቂት ሰው ያየው፣ ርዕሱም ሳይጋነን የተጻፈው ነው።

3. እውነት የ1930 ነው?

«ጋርዴል 1930» ተብሎ የሚለጠፍ ቪዲዮ ብዙ ጊዜ ሌላ ነገር ነው። አራት ዓይነት መምታታት አይቻለሁ።

አንደኛው፣ ከድምፅ አልባ ፊልም ላይ ዘፈን የተለጠፈበት። ጋርዴል በ1917 ፍሎር ዴ ዱራስኖ በሚባል ድምፅ አልባ ፊልም ላይ ተውኗል። በዚያ ጊዜ በጣም ወፍራም ነበር። ፊቱ ሞላ ብሎ፣ ሰውነቱ ከብዶ ካያችሁት ድምፁ የተለጠፈ ነው።

ሁለተኛው፣ ከኋለኞቹ ረጃጅም ፊልሞች የተቆረጠ። ጋርዴል በ1931 ፓሪስ አጠገብ ዧንቪል ባለው የፓራማውንት ስቱዲዮ ሉሴስ ዴ ቦነስ አይረስን ሠራ። ቶሞ ኢ ኦብሊጎ የሚለውን ዘፈን የዘፈነው እዚያ ነው። ሰው ሲኒማ ቤት ውስጥ ጮኾ ፊልሙን እያስመለሰ ያንን ቦታ ደግሞ ይሰማ እንደነበር ይነገራል። በ1934 እና በ1935 ደግሞ ኒው ዮርክ ሆኖ ኩዌስታ አባሆን፣ ኤል ዲያ ኬ ሜ ኪዬራስንና ሌሎችንም ሠራ። እነዚህ ቆንጆ ፊልሞች ናቸው፤ ግን ሌላ ዓይነት ናቸው። ብዙ ተዋንያን፣ ሰፊ ቤት፣ ከአንድ ካሜራ ወደ ሌላ የሚቀያየር ምስል ታያላችሁ። የ1930 አጫጭሮች ላይ ካሜራው ከሞላ ጎደል አንድ ቦታ ተተክሎ ያያል። ቦታውም ጠባብ ነው።

ሦስተኛው፣ ከሸክላ የተወሰደ ድምፅ በፊልሙ ምስል ላይ የተለጠፈበት። ለመለየት የሚከብደው ይኼ ነው፤ ደረጃ 6 ላይ እመለስበታለሁ።

አራተኛው አዲስ በሽታ ነው። በኮምፒውተር ቀለም የተቀባና «የጠራ» ቅጂ። ጣቶቹን እዩ። ጊታሪስቶች ካሉ ጣታቸው ከክሩ ጋር ይቀልጣል፤ ጥርስ አንድ ነጭ ዝርግ ይሆናል፤ የፊት ቆዳ እንደ ሰም ያበራል። እንዲህ ያለውን ለማየት አትጠቀሙበት። አፍ አካባቢ ያለው ነገር ማሽኑ የገመተው ነው፤ እኛ ደግሞ የምንፈልገው አፉን ነው።

4. የምስሉን ቅርፅ አስተካክሉ

ይህ ፈጣን ነው። የዚያን ጊዜ ድምፅ በፊልሙ ጠርዝ ላይ በቀጭን መስመር ይታተም ነበር። ያ መስመር ከምስሉ ስፋት ቦታ ስለወሰደ ምስሉ ወደ አራት ማዕዘን እኩልነት ቀረበ። ቁመቱ 1000 ቢሆን ስፋቱ ወደ 1190 ይሆናል። የዛሬው ቴሌቪዥን ለዚያው ቁመት ወደ 1778 ስፋት አለው። ስለዚህ አንድ ቅጂ የቴሌቪዥኑን ስክሪን ሙሉ በሙሉ ከሞላ ወይ ሰውየው ተለጥጧል፣ ወይ ከላይና ከታች ተቆርጧል።

ተለጥጦ ከሆነ ቪኤልሲ ላይ «ኤ» የሚለውን የእንግሊዝኛ ፊደል እየደጋገማችሁ ተጫኑ፤ ቅርፁ ይቀያየራል። የጋርዴልን ፎቶ አጠገቡ ክፈቱና ፊቱ እስኪመሳሰል ሞክሩ። ተቆርጦ ከሆነ ግን መድኃኒት የለውም፣ ሌላ ቅጂ ፈልጉ። በግራና በቀኝ ያለውን ጥቁር ባዶ ቦታ አትጥሉት። መሆን ያለበት ነው።

5. ፍጥነቱን ለኩ

እኔን ያዋረደኝ ይህ ነው፤ ጊዜ ስጡት።

ድምፅ ያለው ፊልም በሰከንድ 24 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ይሄዳል። በአውሮፓ፣ በአርጀንቲና፣ በእኛም አገር ይሠራበት የነበረው የቴሌቪዥን ሥርዓት ግን በሰከንድ 25 ነው የሚያሳየው። ፊልሙን ወደ ቴሌቪዥን ሲያዛውሩ ቀላሉ ዘዴ በ25 መልቀቅ ነበር። በዚህ ምክንያት ፊልሙ በ4 በመቶ ይፈጥናል፤ ድምፁም ግማሽ ድምፅ ከሚባለው ትንሽ በሚያንስ ልክ ወደ ላይ ይወጣል። ንግግር ላይ ማንም አያስተውለውም። ዘፈን ላይ ግን ወፍራም ድምፅ ያለው ሰው ጉልበቱን ያጣል። ከዚያ ቴሌቪዥን ላይ አንድ ሰው በካሴት ቀዳው፣ ካሴቱን ሌላው ኮምፒውተር ላይ ጫነው፣ አሁን እናንተ ስልክ ላይ ደረሰ።

አለካኩ እንዲህ ነው። ሁለት ቅጂ ውሰዱ። በእያንዳንዱ ላይ የመጀመሪያው የጊታር ምት ከተሰማበት እስከ መጨረሻው ምት ድረስ ያለውን ሰከንድ ጻፉ። የቪዲዮውን ጠቅላላ ርዝመት አትጠቀሙ፤ መግቢያና ማስታወቂያ ተቀጥሎበት ሊሆን ይችላል። አንዱ 180 ሰከንድ፣ ሌላው 173 ገደማ ከሆነ አጭሩ የፈጠነው ነው። ልዩነቱ ሁልጊዜ እንዲህ በ4 በመቶ አካባቢ ነው የሚወድቀው። የጊታር መቃኛ አፕ ካላችሁ በሁለቱ ላይ አንድ ቦታ ያለውን ድምፅ ለኩ፤ የፈጠነው ወደ 70 ሴንት (ሴንት የግማሽ ድምፅ አንድ መቶኛ ነው) ከፍ ብሎ ያሳያችኋል።

ለማስተካከል ቪኤልሲ ላይ ፍጥነቱን 0.96 አድርጉ። እዚህ ላይ ወጥመድ አለ። ቪኤልሲ ፍጥነት ስትቀንሱ ድምፁ እንዳይወፍር አድርጎ ይይዘዋል። እኛ የምንፈልገው ግን እንዲወፍር ነው። ስለዚህ ምርጫዎች ውስጥ ገብታችሁ በድምፅ ክፍል ስር ድምፁን የሚዘረጋውን ምርጫ አጥፉ። አሁን ስሙት። ጋርዴል ከደረቱ ሲዘፍን ትሰማላችሁ። እኔ ይህን ባደረግኩ ቀን ጎረቤታችንን ደውዬ ጠራኋቸው። መጥተው ሰሙ፣ ራሳቸውን ነቀነቁ። «አሁን ሰው ሆነ» አሉ።

6. ከንፈሩን አንብቡ

መስታወት ፊት ቆማችሁ «አበበ በሶ በላ» በሉ። «በ» በመጣ ቁጥር ከንፈራችሁ ይገጥማል። ለ«መ» እና ለ«ፐ»ም እንደዚሁ ነው። በተለይ «መ»ን እና «ፐ»ን ከንፈር ሳይገጥም ማውጣት አይቻልም፤ በአማርኛም በስፓኒሽም። ፈተናው ይኼው ነው።

ዪራ ዪራን ውሰዱ። አዝማቹ ውስጥ አራት ቃላት ይከታተላሉ፦ ሜንቲራ፣ አሞር፣ ሙንዶ፣ ኢምፖርታ። ውሸት፣ ፍቅር፣ ዓለም፣ ግድ ይለዋል እንደማለት ነው። አራቱም ውስጥ «ም» አለ። ቪዲዮውን ዩቲዩብ ላይ አቁማችሁ በኮምፒውተር የነጥብ ቁልፉን ስትጫኑ ምስሉ አንድ ፍሬም ወደፊት ይሄዳል፤ ቪኤልሲ ላይ ደግሞ «ኢ» ፊደል ነው። ከንፈሩ የገጠመበትን ፍሬም ፈልጉ። ከዚያ ሳታቆሙ አጫውቱና «ም» የሚለው እዚያው ላይ መውደቁን ስሙ።

አንድ ፍሬም ከሰከንድ 24ኛው እጅ ነው። በዚህ ቢለያይ አትጨነቁ። ከሁለት ፍሬም በላይ ሲሆን ግን ዓይን ሳያውቀው ይደክማል፤ ዘፋኙ ከልቡ የሚዘፍን አይመስልም። ፊልም ላይ ድምፁ የሚታተመው ከምስሉ 20 ፍሬም ያህል ተለይቶ ነው፤ ማጫወቻው መብራቱ ያለበት ቦታና ድምፅ የሚያነብበት ቦታ ስለሚለያይ። ሲገለብጡ ይህን በደንብ ካላገናኙት መዛነፉ እዚያ ይጀምራል።

ማስተካከያው ቀላል ነው። ቪኤልሲ ላይ የ«ኬ» ፊደል ድምፁን ወደ ኋላ ያዘገየዋል፤ የ«ጄ» ፊደል ያስቀድመዋል። በአንድ ጊዜ ከሰከንድ 20ኛውን እጅ ይንቀሳቀሳል። ከዚያ በፊት ግን ብሉቱዝ ስፒከር ወይም ብሉቱዝ ኢርፎን ካደረጋችሁ አውልቁት። ብሉቱዝ በራሱ ድምፅ ያዘገያል። ስንቱ ጥሩ ቅጂ በዚህ ተኮንኗል።

አሁን ወደ ሦስተኛው መምታታት። የመጀመሪያውን ስንኝ አስተካክላችሁ ሁለተኛው ላይ እንደገና ከተዛነፈ፣ ያንን ስታስተካክሉ የመጀመሪያው ከተበላሸ፣ ድምፁ የፊልሙ አይደለም። ከሸክላው ተወስዶ የተለጠፈ ነው። ጋርዴል ዪራ ዪራን በዚያው በኦክቶበር 1930 ለኦዴዎን ኩባንያ በሸክላ ቀርፆታል፤ ያጀቡትም በፊልሙ ላይ ያሉት ጊታሪስቶች ናቸው፤ ሆሴ ማሪያ አጊላር፣ ጊዬርሞ ባርቢዬሪና ዶሚንጎ ሪቤሮል። ሁለቱ አዘፋፈኖች በጣም ይቀራረባሉ፤ ግን እስከ መጨረሻው አይገጥሙም። እንደ ጋርዴል ያለ ዘፋኝ አንድን ቃል ሁለት ጊዜ በአንድ ዓይነት አያስረዝምም። ጊታሩ በጊዜው ይሄዳል፤ እሱ ትንሽ ዘግይቶ ይገባል፣ ከዚያ ሮጥ ብሎ ይደርስበታል። ይህ ጨዋታ በየቀኑ ይለያያል። ለጣፊው የሚጋለጠውም በዚሁ ነው።

በ1930 አጫጭሮች ላይ ድምፁና ምስሉ በአንድ ጊዜ የተቀረፁ ናቸው። ቀድሞ ቀርፆ በኋላ አፍ ማንቀሳቀስ የለም። ትንፋሹን ሲስብ ካያችሁ የዚያች ቅጽበት ትንፋሽ ነው።

7. የሚንሿሿውን ቅጂ ምረጡ

ሰው ጥርት ያለውን ይመርጣል። እኔ እንዲህ ባለ ፊልም ላይ እንደ ዝናብ የሚንሿሿውን እመርጣለሁ። የዚያን ጊዜ የድምፅ መቅረጫ ከፍተኛውን ድምፅ ብዙ አይዝም ነበር። ያለችው ትንሽ ነገር ደግሞ ከሹሹታው ጋር አንድ ላይ ናት። ማጣሪያ ሲገባ ሹሹታው ብቻ አይሄድም፤ «ስ» እና «ፍ» የሚሉት ድምፆች፣ የትንፋሹ ጫፍ፣ የጊታሩ ጥፍር አብረው ይሄዳሉ። የቀረው ከውኃ በታች የሚዘፍን ሰው ነው።

ፈተናው፦ ጊታሩ ከመጀመሩ በፊትና ንግግሩ ሲቆም ያለውን ዝምታ አዳምጡ። ዝምታው ሙሉ በሙሉ ጭልም ካለ ተቆርጧል። ሹሹታው ካለ ደግሞ ሁለት ደቂቃ ታገሡ፤ ጆሯችሁ ራሱ ይረሳዋል። በኢርፎን ስትሰሙ ድምፁ ከግራና ከቀኝ እኩል መምጣት አለበት። ጊታሩ በአንድ ጆሮ፣ ዘፋኙ በሌላ ከሆነ ሰው ሠራሽ ስቴሪዮ ነው።

8. ቃሉን ፍቱ

ሳትረዱት ብታዩም ደስ ይላል። ስትረዱት ግን ሌላ ነው።

ችግሩ ማሽን ትርጉም እዚህ ላይ አይሠራም። የታንጎ ግጥም በሉንፋርዶ የተሞላ ነው። ሉንፋርዶ የቦነስ አይረስ የአራዳ ቋንቋ ነው። ከጣሊያን ስደተኞች ብዙ ወስዷል፤ ሥራን ላቡሮ ይላል። ቃል መገልበጥም ይወዳል፤ ታንጎን ራሱን ጎታን ይሉታል። የእኛ አራዳ አዲስ አበባ ውስጥ ባደገ ሰው አፍ ሲጣፍጥና መዝገበ ቃላት ላይ ሲጠፋ እንደሚሆነው ማለት ነው።

ቶዶ ታንጎ የሚባለው የአርጀንቲና ድረ ገጽ ግጥሞቹን ከደራሲያቸው ስም ጋር አስቀምጧል። ግጥሙን ከዚያ ውሰዱ። የማይገባችሁን ቃል በሉንፋርዶ መዝገበ ቃላት ፈልጉ። ለዘፈኑ ሁሉ አትድከሙ፤ ስምንት አሥር ቃል ይበቃል። ዪራ ማለት መዞር፣ መንከራተት ነው። እነሱ ሲጠሩት ዢራ ይመስላል። በጎዳና የምትዞር ሴትንም ያስታውሳል። ግጥሙ መግቢያ ላይ ዕድልን ግሬላ ይላታል፤ ሴትን የሚጠሩበት የአራዳ ቃል ነው።

9. አሁን ተቀመጡና እዩ

በዪራ ዪራ ጀምሩ። ዘፈኑ ከመምጣቱ በፊት ጋርዴልና ዲሴፖሎ ቆመው ያወራሉ። ዲሴፖሎ ቀጭን ነው። ጋርዴል በዚህ ዘፈን ምን ማለት ፈልገህ ነው ብሎ ይጠይቀዋል። የብቸኝነትና ተስፋ የማጣት ዘፈን ነው ይለዋል። እኔም የተረዳሁት እንደዚያ ነው ይላል ጋርዴል። ቀጥሎ ደግሞ፣ የዘፈኑ ሰውዬ ግን ጥሩ ሰው ነው አይደል? ይለዋል።

ይህችን ጥያቄ ስወዳት። አንድ ዘፋኝ ከመዝፈኑ በፊት ማወቅ የፈለገው የሰውየውን ልብ ነው። ዲሴፖሎ አዎን ይላል፤ 40 ዓመት በሰው ልጅ ወንድማማችነት አምኖ የኖረ ሰው ነው፣ አንድ ቀን ግን ሰዎች አውሬ መሆናቸውን «ቁርስ አደረገው»። ስፓኒሽ ውስጥ ቁርስ መብላት የሚለው ቃል ሁሉም ያወቀውን ነገር ዘግይቶ መስማት ማለትም ነው። ጋርዴል፣ የሚናገረው ግን መራራ ነው ሲለው ዲሴፖሎ ይመልሳል፤ ይህን ለማወቅ 40 ዓመት የጠበቀ ሰው የሚያስቅ ነገር እንዲናገር ትጠብቃለህ ወይ እንደማለት።

ጊዜውንም አስቡት። ፊልሙ ከመቀረፁ ከአንድ ወር ከምናምን በፊት፣ በሴፕቴምበር 6 ቀን 1930፣ ጄኔራል ኡሪቡሩ የተመረጠውን ፕሬዚዳንት ኢሪጎየንን በመፈንቅለ መንግሥት አውርዶ ነበር። የዓለም ኢኮኖሚ ወድቆ ሥራ አጡ በዝቷል። ዘፈኑን የሰማ የቦነስ አይረስ ሰው ስለ ራሱ ነው የሰማው።

ከዚያ ዘፈኑ። መጀመሪያ ሳታቆሙ እስከ መጨረሻው እዩት። ሁለተኛ ድምፁን አጥፉና ፊቱን ብቻ ተከተሉ። በምን ቃል ላይ ቅንድቡ ይነሳል? ፈገግታው የት ይጠፋል? ሦስተኛ ስልካችሁን ገልብጡና ድምፁን ብቻ ስሙ። ከዚያ እንደገና አንድ ላይ። አራት ጊዜ ማየት ቢበዛ 20 ደቂቃ ነው። በአራተኛው ላይ ትንፋሽ የሚስብበትን ቦታ ቀድማችሁ ማወቅ ትጀምራላችሁ።

10. ከጋርዴል ወደ ሌሎቹ

ጋርዴል ላይ ብቻ መቅረት አይገባም። ሴቶቹ ላይ ስትደርሱ ሌላ ዓለም ይከፈታል። በኤፕሪል 27 ቀን 1933 ቦነስ አይረስ ውስጥ ታንጎ የሚባለው ረጅም ፊልም ወጣ፤ ዳይሬክተሩ ሉዊስ ሞግሊያ ባርት ነው። አዙሴና ማይሳኒ፣ ሊበርታድ ላማርኬ፣ ቲታ ሜሬሎ፣ ሜርሴዴስ ሲሞኔ ሁሉም እዚያ ይዘፍናሉ። ታሪኩ ቀጭን ነው፤ ዘፈኖቹን ለማገናኘት ብቻ የገባ ነው። ግድ የለም። በአንድ ምሽት አራት የተለያዩ ድምፆችን ከነፊታቸው ታያላችሁ። ቲታ ሜሬሎን ተመልከቱ። ድምፅዋ እንደ ላማርኬ የጠራ አይደለም፤ እየተናገረች ነው የምትዘፍነው። ፊቷ ሲጨመር ግን ሌላ ሰው አያሳይም።

በ1934 ደግሞ ያው ኤድዋርዶ ሞሬራ ኢዶሎስ ዴ ላ ራዲዮን ሠራ። እዚያ ውስጥ አዳ ፋልኮን አለች። በኋላ ዘፈኑን ሁሉ ትታ ወደ ኮርዶባ ተራሮች ገብታ የተሰወረችው ዘፋኝ ናት። እስዋን ስትዘፍን ማየት ለሚፈልግ ሰው ይህ ፊልም ትልቅ ነገር ነው።

ስትፈልጉ የማታገኙትም አለ። ጋርዴል በፈረንሳይ የሠራው ላ ካሳ ኤስ ሴሪያ የሚባል አጭር ፊልም ምስሉ ጠፍቷል፤ የተረፈው ድምፁ ነው። ምስል ያለው ቪዲዮ ካገኛችሁ ምስሉ ከሌላ ፊልም ነው። የዚያን ዘመን ፊልም የሚሠራበት ናይትሬት በቀላሉ ይቃጠላል። የቫሌ ስቱዲዮ ራሱ በ1926 ተቃጥሎ በዓለም የመጀመሪያው የሚባለው ረጅም የአኒሜሽን ፊልም አብሮ ጠፍቷል። ግን ደግሞ በ2008 ቦነስ አይረስ ባለው የፊልም ሙዚየም ውስጥ ጠፋ የተባለው የጀርመኑ ድምፅ አልባ ፊልም የሜትሮፖሊስ ረጅሙ ቅጂ ተገኝቷል። ስለዚህ አሮጌ የፊልም ጥቅል እጁ ላይ ያለ ሰው ካወቃችሁ፣ እንዳይጥለው ለምኑት።

በመጨረሻ ቅጂያችሁን በስሙ አስቀምጡ። የዘፋኙ ስም፣ የዘፈኑ ስም፣ ዓመቱ፣ ከየት እንዳወረዳችሁት፣ ያስተካከላችሁት ፍጥነትና ድምፁን ያንቀሳቀሳችሁበት መጠን። ያላረጋገጣችሁት ላይ «ያልተጣራ» ብላችሁ ጻፉ። እኔ ያንን የሚሮጠውን ቅጂም አልሰረዝኩትም። «ፈጣን፣ ለጋሼ ያሳየሁት» ብዬ አስቀምጬዋለሁ። አዲስ ሰው ሲመጣ ሁለቱን በየተራ አሰማዋለሁ፤ መጀመሪያ እሱን፣ ቀጥሎ የተስተካከለውን።